ከጮቄ ተራራ እስከ ቡሪ ዳርቻ፦ የአባይ ደለልና የልማት ሒሳብ

«አባይ ማደሪያ የለው ግንድ ይዞ ይዞራል» ይላል ያገራችን ሰው። ይህን ተረት አብዛኛውን ጊዜ የምንጠቅሰው፣ ማረፊያ ሳያበጅ በከንቱ የሚባዝነውን ሰው ለመንቀፍ ነው። ይሁን እንጂ ተረቱን ከነቃሉ እንደ ጂኦግራፊ ትምህርት ብንወስደው አንድ ጥያቄ ያስነሣብናል። አባይ ይዞት የሚዞረው ግንድ፣ ከግንዱም ጋር የሚሄደው አፈር በመጨረሻ የሚያርፈው የት ነው? በሚያርፍበትስ ስፍራ ለማን ሲሳይ፣ ለማን ዕዳ ይሆናል?

ለዚህ ጥያቄ መልስ ከሚገኝባቸው ሥፍራዎች አንዷ በሱዳን ዋና ከተማ በካርቱም በአባይ ዳርቻ የምትገኘው ቡሪ ናት። የአካባቢ ጥበቃንና የኢኮኖሚ ዕድገትን ማመዛዘን የሚለው ጉዳይ በየስብሰባው ብዙ የሚነገርለት ቢሆንም፣ ብዙ ጊዜ ረቂቅ ሐሳብ ሆኖ ይቀራል። በዚህ ጽሑፍ ጉዳዩን ከአንድ ወንዝና ከአንድ ሰፈር ጋር አያይዘን በታሪክ መልክ ለመመርመር እንሞክራለን። የምናስረዳው ዋና ነጥብ አጭር ነው፤ በአባይ ሸለቆ ባለፈው መቶ ዓመት የተካሄደው ልማት ውሃውን ሲቆጥር አፈሩን አልቆጠረም፤ ያልተቆጠረውም ዕዳ ቆይቶ ተከፍሏል፤ የከፈለውም ብዙ ጊዜ ጥቅሙን ያገኘው ወገን አይደለም።

አንባቢ እንዳይቸገር፣ የሱዳንንና የሌላውን ዓለም ታሪክ በአውሮፓ አቆጣጠር (እ.ኤ.አ.)፣ የአገራችንን ደግሞ በኢትዮጵያ አቆጣጠር (ዓ.ም.) መጥቀሳችንን ከወዲሁ እናስታውቃለን።

ቡሪ የት ናት?

አባይ ከጣና ተነሥቶ፣ ጎጃምን ዞሮ፣ በቤኒሻንጉል በኩል ወደ ሱዳን ከወረደ በኋላ፣ ከመነሻው በጠቅላላው 1,450 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ካርቱም ላይ ከነጭ አባይ ጋር ይገናኛል። ሱዳኖች «በሕር አል አዝረቅ» ይሉታል። ወንዙ ከመገናኛው ከመድረሱ ጥቂት ቀደም ብሎ በስተ ደቡብ ዳርቻው ከሚያልፍባቸው ሰፈሮች መካከል ቡሪ ትገኛለች። ቡሪ በእውነቱ የአንድ መንደር ስም አይደለም፤ ቡሪ አል መሐስ፣ ቡሪ አል ደራይሳ፣ ቡሪ አል ለማብና ቡሪ አል ሸሪፍ የሚባሉ ተጎራባች መንደሮች በኋላ በከተማው ተውጠው አንድ ላይ የሚጠሩበት ስም ነው። ከነዚህ አንዷ ስሟን ያገኘችው ከሰሜን ከኑብያ ተነሥተው በቱቲ ደሴትና በአካባቢው ከሰፈሩት ከመሐስ ሰዎች ነው።

ካርቱም ራሷ የቡሪን ያህል የቆየች አይደለችም። በከተማነት መቆርቆር የጀመረችው የግብፅ ጦር እ.ኤ.አ. በ1821 ሱዳንን ከያዘ በኋላ ነው። መሐዲስቶች ካርቱምን በከበቡበት ጊዜ የጄኔራል ጎርደን የመከላከያ ምሽግ ከነጭ አባይ ተነሥቶ በምሥራቅ በኩል የሚያበቃው ቡሪ ላይ ነበር፤ ከተማዋም ጥር 26 ቀን 1885 እ.ኤ.አ. ተያዘች። በኋላም በእንግሊዝና በግብፅ ጥምር አገዛዝ ዘመን ከተማዋ እንደገና ስትሠራ፣ የቡሪ መንደሮች የእርሻ ዳርቻ መሆናቸው እየቀረ የከተማ አካል ሆኑ። በዚህችው ዳርቻ ላይ የኤሌክትሪክ ማመንጫ ጣቢያ እስከ መቋቋም ተደረሰ።

የቡሪ ነዋሪዎች የጥንት ኑሮ በወንዙ መሙላትና መጉደል ላይ የተመሠረተ ነበር። የአባይ ዓመታዊ ውሃ ከአምስት አራት እጅ በላይ የሚወርደው ከሐምሌ እስከ ጥቅምት ባሉት ወራት ነው። በነሐሴ ወንዙ ከዳር እስከ ዳር ይሞላል፤ ክረምቱ ሲያልፍ ይሸሻል። በሸሸበት ስፍራ የሚቀረው ጥቁር ለስላሳ ደለል ርጥበቱን ይዞ ይቆያል። ገበሬው ማረስ እንኳ ብዙም ሳያስፈልገው በዚህ ደለል ላይ ባቄላ፣ ሽንኩርትና ሌላም አትክልት ይዘራል። ከፍ ያለውን መሬት ደግሞ በበሬ በሚዞር የውሃ ማንሻ ያጠጣል። እንግዲህ ለቡሪ ገበሬ ከኢትዮጵያ ደጋ የሚወርደው አፈር በየዓመቱ ያለ ዋጋ የሚታደል ማዳበሪያ ነበር ማለት ነው። ለጎጃም ገበሬ ማሳው የሚታጠብበት ዝናብ ለቡሪ ገበሬ ማሳው የሚታደስበት ነበር።

ደለሉ ጡብ ሲሆን፣ ግንዱ ሲነድ

ከተማ ሲያድግ ቤት ያስፈልጋል። ካርቱም ዙሪያዋን ድንጋይ እንደ ልብ የሚገኝባት ከተማ አይደለችም። ስለዚህ ግንበኛው የተማመነው በወንዙ ነው። በቡሪ አጎራባች በገሪፍና ከዚያም ወደ ላይ በሶባ በኩል ባሉት ዳርቻዎች ጡብ ሠሪዎች የወንዙን መሸሽ ተከትለው ደለሉን ይቆፍራሉ፤ ከከብት እበት ጋር ያቦካሉ፤ በቅርጽ እየመቱ በፀሐይ ያደርቃሉ፤ ከዚያም ከምረው በእንጨት እሳት ይተኩሳሉ። የካርቱም ቀይ ጡብ የሚባለው ይህ ነው። ከጮቄ ተዳፋት ታጥቦ የወረደው አፈር በካርቱም የሰው ቤት ግድግዳ ሆኖ ቆመ ብንል ከእውነቱ አልራቅንም።

ነገር ግን ጡብ ያለ ማገዶ አይተኮስም። ማገዶውም የተገኘው በአባይ ዳርና ዳር ከሚበቅለው፣ የግራር ዘር ከሆነውና ሱዳኖች «ሱንት» ከሚሉት ዛፍ ነው። ሱንት ጎርፍ የሚተኛበትን መሬት ወዶ የሚያድግ፣ ሥሩም ዳርቻውን አጥብቆ የሚይዝ ጠንካራ ዛፍ ነው። ይህንኑ ዛፍ ለሐዲድ መደገፊያነትና ለእንፋሎት መርከቦች ማገዶነት የሚፈልጉም ነበሩ። የሱዳን የደን አስተዳደር በሃያኛው መቶ ዓመት መግቢያ ላይ ሲቋቋም ከዋና ዋና ተግባሮቹ አንዱ ለነዚሁ መርከቦች ማገዶ እንዳይጠፋ መቆጣጠር ነበር። ከዚህ ላይ አንድ ቁም ነገር ልብ ሊባል ይገባል። በዚህ አካባቢ የመጀመሪያው የደን ጥበቃ የመነጨው ለዛፍ ከማዘን አይደለም፤ ዛፉ ካለቀ መርከቡ ይቆማል ከሚል የሒሳብ ሥጋት ነው። ጥበቃና ዕድገት ከመጀመሪያውም ጠላቶች አልነበሩም ማለት ነው።

ሥጋቱ ግን የተማው የቀረበውን ብቻ ነበር። ከተማው ሲሰፋ ጡብም ከሰልም በዝቶ ተፈለገ። የዳርቻው ሱንት ሲመነምን እንጨቱ ከሩቅ፣ ከሰናርና ከሮሰይረስ፣ ከዚያም በኋላ በትራክተር ለሚታረስ ሰፊ እርሻ ከተመነጠረው ከገዳሪፍ ሜዳ መምጣት ጀመረ። ጡብ ሠሪው ደለሉን ሲቆፍር የፈጠረው ጉድጓድ ዳርቻውን ለመናድ አጋለጠው። በዚህም መንገድ ከላይ የወረደው ሀብት በታች ሌላ ሀብት እያስበላ ሄደ።

ጥጥ፣ ግድብና ያልተጻፈው ወጪ

የአባይን ታሪክ ከሁሉ ይበልጥ የለወጠው የጥጥ እርሻ ነው። እ.ኤ.አ. በ1925 የሰናር ግድብ ተጠናቀቀ። በሁለቱ ወንዞች መካከል በሚገኘው በገዚራ ሜዳ ላይ 300,000 ፈዳን ያህል መሬት (አንድ ፈዳን ከ0.42 ሄክታር ጋር እኩል ነው) በመስኖ እንዲለማ ታቀደ። ሱዳን ነፃ ከወጣች በኋላ የመናጊል ማስፋፊያ ሲጨመር ገዚራ ሁለት ሚሊዮን ፈዳን ያህል ደረሰ። ለብዙ አሥርተ ዓመታትም የሱዳን መንግሥት ገቢ ዋና ምንጭ ይኸው ጥጥ ነበር። የካርቱም መንገድ፣ ትምህርት ቤትና ሆስፒታል በአብዛኛው ከገዚራ ጥጥ ላብ የተገኘ ነው ማለት ይቻላል። ስለዚህ ግድቡ ባይሠራ ይሻል ነበር የሚል አስተያየት ታሪክን አለማወቅ ነው።

ችግሩ ያለው ሒሳቡ ከተሠራበት መንገድ ላይ ነው። ስለ አባይ የተፈረሙትን ውሎች እንመልከት። ዐፄ ምኒልክ ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጋር ባደረጉት ውል ውስጥ የተጠቀሰው የውሃውን ፍሰት ስለሚያግድ ሥራ ነው። እ.ኤ.አ. በ1929 ግብፅና እንግሊዝ የተለዋወጡት ሰነድ ስለ ውሃ ነው። እ.ኤ.አ. በ1959 ግብፅና ሱዳን ኢትዮጵያን ሳይጋብዙ የተስማሙበት ውልም ውሃውን 55.5 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ለግብፅ፣ 18.5 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ለሱዳን ብሎ አከፋፈለ። በአስዋን ከሚደርሰው ውሃ ከመቶ ሰማንያ አምስት ያህሉ ከኢትዮጵያ የሚሄድ ሆኖ ሳለ፣ ውሃው ስለሚነሣበት ተራራ፣ ስለ ደኑና ስለ አፈሩ የተነገረ ነገር የለም። ውሃው በሊትር ተቆጠረ፤ አፈሩ ግን በማንም መዝገብ አልገባም።

አፈሩ ግን በመዝገብ ባይገባም በግድብ ገባ። አባይ በኢትዮጵያና በሱዳን ድንበር በኩል በዓመት የሚያሻግረው ደለል 140 ሚሊዮን ቶን ያህል እንደሚሆን ሲገመት ቆይቷል። ተማሪዎች ይህን ቁጥር በዐይነ ኅሊናቸው እንዲያዩት፣ አምስት ቶን በሚጭን መኪና ቢመላለስ ሃያ ስምንት ሚሊዮን ጭነት ይሆናል። እ.ኤ.አ. በ1966 የተመረቀው የሮሰይረስ ግድብ ሲሠራ ከ3 ቢሊዮን ሜትር ኩብ በላይ ውሃ ይይዝ ነበር። አርባ ዓመት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ ከመያዣው አንድ ሦስተኛ በላይ የሚሆነው በደለል ተሞላ። በተከዜ ወንዝ ዝቅ ብሎ በአትባራ ላይ እ.ኤ.አ. በ1964 የተሠራው የኻሽም አል ጊርባ ግድብማ ገና በመጀመሪያዎቹ አሥርተ ዓመታት የመያዣውን ግማሽ ያህል አጣ። የሱዳን መሐንዲሶች ለዚህ ያገኙት መላ ጎርፉ በሚከብድባቸው ወራት ግድቡን ዝቅ አድርገው ደለል የበዛበትን ውሃ ማሳለፍ፣ ጎርፉ ሲያበቃ ጠርቶ የሚመጣውን ውሃ ማጠራቀም ነበር። ብልህ ዘዴ ነው፤ ያም ሆኖ ከመሙላት አላዳነም። የገዚራ ቦዮችም በየዓመቱ በሚሊዮን ቶን የሚቆጠር ደለል ስለሚገባባቸው መጥረጊያቸው የማያቋርጥ ወጪ ሆነ።

ከዚህ ላይ የተረቱ ግንድ ተመልሶ ይመጣል። ሮሰይረስ ለካርቱም ኤሌክትሪክ ከሚሰጡት ግድቦች ዋነኛው ሆኖ ለብዙ ዓመታት ቆይቷል። በክረምት ግን ውሃው ሞልቶ ሳለ ኃይሉ ይቀንስ ነበር። ምክንያቱም አንደኛ ግድቡ ለደለሉ ሲባል ዝቅ ስለሚደረግ፣ ሁለተኛም ጎርፉ ነቅሎ ያመጣው ግንድና ቁጥቋጦ ወደ ተርባይኑ የሚገባበትን የውሃ በር ስለሚዘጋው ነው። የቡሪ ቤተሰብ በነሐሴ ወበቅ መብራት ሲጠፋበት ምክንያቱን በከተማው ውስጥ ቢፈልግ አያገኘውም ነበር። ከምክንያቶቹ አንዱ ያለው በላይኛው ተፋሰስ በተመነጠረ ቁልቁለት ላይ ነው።

በላይኛው ተፋሰስ ምን ሆነ?

እንግዲህ ወደ ወንዙ መነሻ እንመለስ። የጮቄ ተራራ ከባሕር ወለል በላይ ከ4,000 ሜትር የሚበልጥ ሲሆን፣ ካርቱም 380 ሜትር ከፍታ ላይ ትገኛለች። ከጮቄ ጉያ የሚፈልቁ ብዙ ወንዞች ወደ አባይ ይገባሉ። በዚህ አገር የሕዝቡ ቁጥር ሲጨምር ማሳው ተዳፋቱን እየወጣ ሄደ። ጤፍ ልስልስ ያለ መሬት ስለሚፈልግ ገበሬው ደጋግሞ ያርሳል፤ የሚዘራውም ዝናቡ በሚበረታበት በሐምሌ ነው። መሬቱ ራቁቱን ሆኖ ልቡ በተፈታበት ወቅት ከባዱ ዝናብ ይወርድበታል። ይህን የምንለው ገበሬውን ለመውቀስ አይደለም። ልጆቹን የሚመግብበት ሌላ መሬት፣ የሚያነድደው ሌላ ማገዶ ያልነበረው ሰው፣ የነገውን አፈር በዛሬ እንጀራ ለመለወጥ ተገድዷል።

የጉዳቱ መጠን በጥናት መለካት የጀመረው ዘግይቶ ነው። በ1973 ዓ.ም. የግብርና ሚኒስቴርና የስዊትዘርላንዱ የበርን ዩኒቨርሲቲ የአፈር ጥበቃ ምርምር ፕሮግራም አቋቋሙ። በወሎ ማይባር፣ በሸዋ አንዲት ጥድ፣ በጎጃም ደግሞ አንጀኒ ከምርምር ጣቢያዎቹ መካከል ነበሩ። ከዚህ ሥራ በመነሣት የስዊስ ተመራማሪው ሃንስ ሁርኒ በኢትዮጵያ ደጋ የእህል ማሳ በአማካይ በሄክታር 42 ቶን አፈር በየዓመቱ እንደሚሸረሸር ገመቱ። ይህ በውፍረት ሲሰላ ከሦስት እስከ አራት ሚሊሜትር ይሆናል። በአንድ ክረምት በዐይን አይታይም፤ በሠላሳ ዓመት ግን አንድ ክንድ ሊሆን ምን ቀረው የሚያሰኝ ባይሆንም አሥር ሴንቲ ሜትር ያህል ነው። በብዙ ቁልቁለት ላይ ደግሞ የሚታረሰው አፈር ጠቅላላ ውፍረት ከዚህ ብዙም አይበልጥም። በዓለም የምግብና የእርሻ ድርጅት ድጋፍ የተካሄደውና እ.ኤ.አ. በ1986 የወጣው የደጋ መሬቶች ጥናትም ከኢትዮጵያ ደጋ በዓመት 1.9 ቢሊዮን ቶን አፈር ከቦታው እንደሚነሣ አመለከተ። ከዚህ አብዛኛው እዚያው ታችኛው ማሳና ሸለቆ ላይ የሚቀር ሲሆን፣ ወንዝ ይዞት ከአገር የሚወጣው ጥቂቱ እጅ ነው። ያ ጥቂት እጅ ነው እንግዲህ ግድቦቹን የሞላው።

የእርከን ዘመቻውና ትምህርቱ

ከ1965 እስከ 1966 ዓ.ም. ከደረሰው የወሎና የትግራይ ረሀብ በኋላ፣ በተለይም ከ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ወዲህ በገበሬ ማኅበራት አማካይነት ሰፊ የእርከንና የችግኝ ዘመቻ ተጀመረ። የዓለም የምግብ ፕሮግራም ለሚሠሩት እህልና ዘይት ይሰጥ ነበር። በአሥር ዓመት ገደማ ጊዜ ውስጥ በመቶ ሺህ የሚቆጠር ኪሎ ሜትር እርከንና ካብ ተሠራ፤ ተራሮች ተከለሉ፤ በመቶ ሚሊዮን የሚቆጠር ችግኝ ተተከለ። በአፍሪካ ውስጥ በዚያን ጊዜ ከተደረጉት የአፈር ጥበቃ ሥራዎች ሁሉ ይህ ከታላላቆቹ አንዱ ነበር።

ታዲያ ይህ ሁሉ ድካም ምን ደረሰበት? የካቲት 1982 ዓ.ም. የቅይጥ ኢኮኖሚ ፖሊሲ ከታወጀ በኋላ፣ በ1983 ዓ.ም. የመንግሥት ለውጥ ወቅትም ጭምር፣ በብዙ ቦታ ገበሬው እርከኑን አፈረሰ፤ የማኅበሩን ደን ቆረጠ። ይህን አይቶ «ገበሬው ጥቅሙን አያውቅም» ያለ ብዙ ነው። እኛ ግን ገበሬው የራሱን ሒሳብ አሳምሮ አስልቷል እንላለን። እርከን ከጠባቧ ማሳው ላይ መሬት ይወስዳል። በሬ ሲጠምድ መዞሪያ ያሳጣዋል። በካቡ ውስጥ አይጥ ይራባል። ፍሬው የሚታየው ከብዙ ዓመት በኋላ ነው፤ በዚያን ጊዜ ግን መሬቱ በእጁ ይቆይ እንደ ሆነ፣ ዛፉም የማን እንደ ሆነ እርግጠኛ አልነበረም። የቀን ሥራውን የሠራው ስለ እህሉ ወይም ስለ ትእዛዙ ነው፤ እህሉና ትእዛዙ ሲቀር ሥራውም ቀረ። በአንጻሩ በአንጀኒ የተሠሩት እርከኖች በዓመታት ውስጥ ደልዳላ መደብ እየሆኑ ሄደዋል፤ በዚያ ሥራው በመጠን ተሞክሮ፣ ተለክቶና በቅርብ ክትትል የተሠራ ነበርና።

የታሪኩ ዋና ቋጠሮ ይህ ነው። የሮሰይረስ ግድብ ዕድሜ እንዲረዝም፣ የገዚራ ቦይ እንዳይደፈን፣ የቡሪ መብራት እንዳይጠፋ እርከን መሥራት የነበረበት የጎጃም ገበሬ ነው። ለዚህ ድካሙ ግን ከገዚራ ጥጥ አንዲት ሳንቲም የምትደርሰው አልነበረም። ድካሙ ከላይ፣ ትርፉ ከታች ሆነ። አካባቢ ጥበቃና ዕድገት ተመዛዘኑ የሚባለው በሚዛኑ በአንዱ ጎን ዛፍ፣ በሌላው ጎን ብር ስለተቀመጠ አይደለም። ወጪውን የሚችለውና ትርፉን የሚቀበለው አንድ ሰው ሲሆን፣ ካልሆነም በመካከላቸው ውል ሲኖር ነው።

ጎርፉና አዲሱ ምዕራፍ

ወንዙ ለታችኛው አገር ሁልጊዜ በረከት ብቻ ይዞ አይመጣም። እ.ኤ.አ. በነሐሴ 1988 በካርቱም በአንድ ሌሊትና ቀን ከ200 ሚሊሜትር የማያንስ፣ ይኸውም ከዓመት ዝናቧ የሚበልጥ ውሃ ወረደ። አባይም ተከትሎ ሞላ። ከሚሊዮን በላይ ሕዝብ ያለ መጠለያ ቀረ። እ.ኤ.አ. በ2020 ደግሞ አባይ በካርቱም መለኪያ ላይ ከ17.5 ሜትር በላይ ደርሶ ከዚያ በፊት የተመዘገበውን ሁሉ አለፈ፤ የሱዳን መንግሥትም ለሦስት ወር የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አወጀ። በዳርቻ ላይ የተሠራ ቤት፣ የተቆፈረ የጡብ ጉድጓድና የተመነጠረ የሱንት ደን በዚህ ጊዜ ዋጋቸውን ያስከፍላሉ።

በዚሁ ዘመን የወንዙን ታሪክ የለወጠ ሌላ ሥራ ተከናወነ። መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. በጉባ መሠረቱ የተጣለው ታላቁ የኢትዮጵያ ሕዳሴ ግድብ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ። 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ውሃ ይይዛል፤ 5,150 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም አለው። ስለ ውሃው ድርሻ የሚደረገው ክርክር በጋዜጣ ሁሉ የሚነበብ ስለ ሆነ እዚህ አንደግመውም። ከርእሳችን ጋር የሚገናኘው የደለሉ ጉዳይ ነው። ከእንግዲህ ከጮቄና ከሌላውም ደጋ ታጥቦ የሚወርደው አፈር አብዛኛው የሚያርፈው በራሳችን ግድብ ውስጥ ነው። ለሮሰይረስና ለገዚራ ይህ እፎይታ ነው። ለጡብ ሠሪውና በደለል ላይ ለሚዘራው የዳርቻ ገበሬ ግን የሚያሠጋ ነገር ነው፤ ይህንኑ ሥጋታቸውን ሲናገሩ ተሰምተዋል። አንድ ሥራ በአንድ ጊዜ ለአንዱ ጥቅም፣ ለሌላው ጉዳት ሊሆን እንደሚችል ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አይገኝም።

ለኛም ቢሆን ሒሳቡ ተለውጧል። ከዚህ በፊት ከጎጃም የሄደ አፈር የሞላው የሰው ግድብ ነበር፤ አሁን የሚሞላው ከመምህር እስከ ገበሬ ሁሉም ቦንድ ገዝቶ ያዋጣበትን ግድብ ነው። የእርከን ወጪና የኤሌክትሪክ ትርፍ ለመጀመሪያ ጊዜ በአንድ አገር መዝገብ ውስጥ ገብተዋል። ከ2003 ዓ.ም. ወዲህ በአማራና በሌሎችም ክልሎች ገበሬው በየበጋው ለብዙ ቀናት ያለ ክፍያ የተፋሰስ ሥራ ሲሠራ ቆይቷል፤ ከ2011 ዓ.ም. ጀምሮም የአረንጓዴ አሻራ የችግኝ ተከላ ተጨምሯል። ነገር ግን የ1983 ዓ.ም. ትምህርት እንዳይረሳ ያስፈልጋል። ከመብራቱ ገቢ ጥቂቱ ተመልሶ እርከን ለሚጠብቀው ገበሬ የሚደርስበት መንገድ ካልተበጀ፣ የጥንቱ ስሕተት በአገር ውስጥ ተመልሶ ሊፈጸም ይችላል።

ድኻ አገር ዛፍ ሊጠብቅ ይችላልን?

«ለተራበ ሰው ስለ ዛፍ ማውራት ቅንጦት ነው» የሚሉ አሉ። ይህ ክርክር አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1972 በስቶክሆልም ስለ ሰው ልጅ አካባቢ በተደረገው የተባበሩት መንግሥታት ጉባኤ ላይ የሕንዷ ጠቅላይ ሚኒስትር ኢንድራ ጋንዲ ድህነት ራሱ አካባቢን ከሚያበላሹ ነገሮች ዋነኛው መሆኑን አንሥተው ነበር። አባባላቸው እውነት አለው። ማገዶ የሌለው ሰው ዛፍ ይቆርጣል። በካርቱም እንኳ ከሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. ጀምሮ ጦርነት ሲነሣና ጋዝ ሲጠፋ፣ ከተማ ለቆ መሸሽ ያልቻለው ነዋሪ በየመንገዱና በየደኑ ያለውን ዛፍ ለማብሰያ ቆርጧል። በኢትዮጵያውያን ስደተኞችና በሱዳናውያን ተሞልተው የነበሩ ሰፈሮች ባዶ ሲቀሩ፣ ከሰው ጋር ዛፉም ሄደ። ሰላም ራሱ የአካባቢ ጥበቃ መሆኑን ከዚህ እንረዳለን።

ሆኖም የአባይ ታሪክ የክርክሩን ሌላ ገጽ ያሳየናል። አፈሩን መጠበቅ ከዕድገት በኋላ የሚደረስበት ቅንጦት ቢሆን ኖሮ፣ ሮሰይረስ ባልተሞላ፣ የሱዳን መንግሥትም በ2012 እ.ኤ.አ. ግድቡን በአሥር ሜትር ለማሳደግ ብዙ ገንዘብ ባላወጣ ነበር። አፈር የዕድገት ጌጥ አይደለም፤ ዋናው ካፒታሉ ነው። ነጋዴ ዋናውን እየበላ አተረፍሁ ቢል እንደምንስቅበት ሁሉ፣ አፈሩን እያጠበ አደግሁ የሚል አገርም ሒሳቡን ሊመረምር ይገባዋል። አገራችን የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማን በአዋጅ ቁጥር 299/1995 ደንግጋለች። አዋጁ ማንኛውም ታላቅ ሥራ ከመጀመሩ በፊት ጉዳቱ እንዲመዘን ያዛል። የጐደለው ሕግ ሳይሆን ሕጉን ከየማሳው የሚያደርሰው ሰው ነው።

ለክፍል ውስጥ

ይህ ትምህርት በታሪክ፣ በጂኦግራፊ፣ በሒሳብም ክፍለ ጊዜ ሊሰጥ ይችላል። መምህራን በክረምት መግቢያ ወይም በመስከረም መጀመሪያ ተማሪዎቻቸውን ወደ ቅርብ ወንዝ ወስደው በአንድ ሊትር ጠርሙስ ውሃ ያስቀዱ። ጠርሙሱ ለሁለት ቀን ይቀመጥ። ከታች የዘቀጠው ደለል ደርቆ ይመዘን። ከዚያም ወንዙ በቀን የሚያሳልፈውን ውሃ በግምት አስልተው በቀን ስንት ኩንታል አፈር እንደሚሄድ ተማሪዎች ራሳቸው ይድረሱበት። በትምህርት ቤቱ አጠገብ ቦረቦር ካለ፣ ስፋቱና ጥልቀቱ በየዓመቱ በአንድ ቀን ተለክቶ በደብተር ቢጻፍ፣ ከአምስት ዓመት በኋላ የሚገኘው ሰነድ ለወረዳው ግብርና ጽሕፈት ቤት ጭምር ይጠቅማል። ታሪክ የሚጻፈው በነገሥታት ዜና መዋዕል ብቻ አይደለምና።

ከዚያ በኋላ ለውይይት የሚከተሉት ጥያቄዎች ቢቀርቡ መልካም ነው። በ1983 ዓ.ም. እርከኑን ያፈረሰው ገበሬ እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? ደለሉ የቀረበት የቡሪ ዳርቻ ገበሬና ግድቡ የዳነለት የሮሰይረስ መሐንዲስ በአንድ ጠረጴዛ ቢቀመጡ ምን ይባባላሉ? ከግድቡ የሚገኘው ገቢ ለተራራው ገበሬ እንዲደርስ እንዴት ያለ መንገድ ትመርጣላችሁ?

ተማሪዎች ለነዚህ ጥያቄዎች የሚሰጡት መልስ አንድ ላይሆን ይችላል፤ አንድ እንዲሆንም አንጠብቅም። ከክፍሉ ሲወጡ ግን አንድ ነገር ይዘው ቢወጡ በቂ ነው፤ አባይ ማደሪያ የለውም ይባል እንጂ ይዞት የሄደው ሁሉ ማረፊያ አለው፤ በየማረፊያውም የሚጠቀም ሰውና የሚከፍል ሰው ይኖራል። ጠርሙሱ ሥር የዘቀጠው አፈር የማን እንደ ነበረና የት ሊደርስ እንደ ነበር የሚጠይቅ ተማሪ፣ የልማትን ሒሳብ መማር ጀምሯል።